የሽቦ ሠሪው ስቴንት

በቀን ስንት ጊዜ «ስቴንት» እንደምል ቆጥሬ አላውቅም። በልብ ደም ሥር ሕክምና ክፍል ውስጥ ነርስ ሆኜ አሥራ አንድ ዓመት ሠርቻለሁ፤ ስቴንት የተዘጋ ሥር ከፍቶ የሚይዝ ትንሽ የብረት መረብ ነው፤ ቃሉ አፌ ላይ «በሩን ዝጊው» እንደማለት ነው። «ባለ ሦስት ሚሊ ሜትሩን ስቴንት አምጪ»፣ «ስቴንቱ ተቀምጧል»፣ «ስንተኛው ስቴንት ነው?»። ሕመምተኞቹ ደግሞ በየመንገዳቸው ይጠሩታል። አንዱ «ብረት ገባልኝ» ይላል፤ አንዷ «ሞላ አስገቡልኝ» ትላለች። ጡረታ የወጡ አንድ ሾፌር፣ ሥሩ በፊኛ ተነፍቶ እንደተከፈተ ሲሰሙ፣ «ልቤ ጎሚስታ ገብቶ ወጣ በሉኛ!» ብለው ክፍሉን በሳቅ ገድለውታል። ማንንም አርሜ አላውቅም። ከዳኑ በኋላ ስሙ ምን ያደርግላቸዋል እል ነበር።

ቦርሳዬ ውስጥ በትንሽ ብልቃጥ አንድ ስቴንት ይዤ እዞራለሁ። ጊዜው ያለፈበት ነው፤ ለአዲስ ነርሶች ማስተማሪያ ይሁን ብለው የሰጡኝ። ቁመቱ ከጥፍሬ አይበልጥም። ከሊፕስቲኬና ከቁልፌ ጋር እየተንኳኳ ዓመታት ሲኖር አንድም ቀን በደንብ አይቼው አላውቅም ብል ማን ያምነኛል? እንዳየው ያደረገኝ አባቴ ነው።

አባቴ ሽቦ ሠሪ ነው። የአጥር ሽቦ ይጠልፋል፣ የአሸዋ ወንፊት ይሠራል፣ የዶሮ ቤት፣ የአልጋ መረብ፣ ያላችሁትን። ሰፈሩ ሁሉ «ሽቦው» ነው የሚለው፤ እናቴ እንኳ ስትናደድበት «አንተ ሽቦ!» ትለዋለች። ከቤታችን ጀርባ ባለችው ባለቆርቆሮ ክፍል ውስጥ አንድ ረጅም ጠረጴዛ፣ ጣሪያ ድረስ የተቆለለ ጥቅል ሽቦና ዕድሜዋ ከእኔ የሚበልጥ አንዲት ፒንሳ አሉት። ሥራ ከመቀበሉ በፊት ለደንበኛው ሁለት ጥያቄ ያቀርባል፦ «ምን እንዳይገባ ነው? ምን እንዳይወጣ ነው?» ለሁለቱም መልስ ካላገኘ፣ ሰውየው ቢለምነውም ቢሰድበውም ፒንሳውን አያነሳም። ሥራውን ሲጨርስ ደግሞ በስተግራ በታችኛው ጥግ ላይ የመጨረሻዋን ሽቦ ወደኋላ ሁለት ጊዜ ይጠመዝዛታል። ምልክቱ ናት። «ጥፋት ያገኘ ሰው አድራሻዬ እንዳይጠፋው» ይላል።

አንድ ቀን ረፋዱ ላይ ጥቅል ሽቦ ሊያነሳ ጎንበስ እንዳለ ደረቱን ይዞ እዚያው ጥቅሉ ላይ ተቀመጠ። እናቴ ላቡን ስታይ ጊዜ አላጠፋችም። እኔ ተረኛ ነበርኩ። በየቀኑ ሕመምተኛ በምቀበልበት በር አባቴ በቃሬዛ ሲገባ ሳይ፣ ነርስነቴ ሁሉ ጥሎኝ ሄደ። ዶክተሩ ትከሻዬን ያዝ አድርጎ፣ «ውጪ ልትቆዪ ትችያለሽ» አለኝ። እንቢ አልኩ።

ከልቡ ሥሮች አንደኛው ሙሉ በሙሉ ተዘግቶ ነበር። ሌላው ደግሞ ግማሽ ያህል ጠቧል፤ ያኛው ይቆየን ተባለ። በእጁ አንጓ በኩል ቀጭኑ ቱቦ ሲገባ አባቴ አልተኛም፤ ጣሪያውን እያየ ይሰማል። በመካከሉ አንገቱን ወደ እኔ መለሰና፣ «ምንድን ነው የምታስገቡት?» አለኝ። እጄ ሙሉ ነው። «ሽቦ ነው አባዬ። የአንተው ሽቦ ነው» አልኩት። እውነትም ተረጋጋ። ትከሻው ወረደ፣ ትንፋሹም ተስተካከለ። ስቴንቱ ተቀመጠ፤ ሥሩ ተከፍቶ ደሙ ወደታች ሲፈስ በስክሪኑ ላይ አየን። ያቺን አባባሌን ለአምስት ሳምንት ስኮራባት ከረምኩ።

በማግስቱ ዶክተሩ አልጋው አጠገብ ቆሞ ሁለት ዓይነት ክኒን ሰጠው። ሮዙን ለአንድ ዓመት፣ ነጩን ዕድሜ ልክ፤ ሁለቱንም አንድ ቀን እንኳ ሳያቋርጥ።

«አንድ ዓመቱ ለምንድን ነው?» አለ አባቴ።

«በዚያ ጊዜ ውስጥ ሥጋው ሽቦውን ይሸፍነዋል፣ አባት።»

«ክኒኑስ ምን ያደርጋል?»

«ሽቦው ላይ ነገር እንዳይጣበቅ ያደርጋል።»

ዶክተሩ ለሌላ ሕመምተኛ ተጠርቶ ሄደ። ሁለቱም መልሶች ትክክል ነበሩ። አባቴ ግን ዕድሜውን ሙሉ ሽቦ ሲያገናኝ የኖረ ሰው ነውና ሁለቱን መልሶች በራሱ መንገድ አገናኛቸው።

በስድስተኛው ሳምንት፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ወላጆቼ ቤት ሄድኩ። እናቴ በሩ ላይ ነው የተቀበለችኝ።

«አባትሽ ደህና ነው። እንደውም አመሉ ብሶበታል፤ ዛፍ ሲደባብስ ነው የሚውለው።»

ዛፉን አውቀዋለሁ። ከግቢያችን ጥግ፣ አባቴ በወጣትነቱ ለራሱ ቤት ከጠለፈው ከመጀመሪያው አጥር ጥግ ላይ ነው የበቀለው። እያደገ ሲመጣ ሽቦውን ገፋ፤ ከዚያ ግንዱ በግራና በቀኝ አበጠ፤ ከዚያ ዋጠው። አሁን ሽቦው በአንድ በኩል ይገባና በሌላ በኩል ይወጣል፤ መሀሉ አይታይም። አባቴ ከዛፉ ጋር የቆየ ቂም ነበረው። በሕይወቱ የጠመዘዛት የመጀመሪያዋ ምልክት እዚያ ጥግ ላይ ነበረች፤ ዛፉ እሷንም ጭምር ነው የበላት። መጥረቢያ ይዞ ሲወጣ እናቴ ጥላውን ወድጄዋለሁ ብላ ስንት ጊዜ መልሳዋለች።

«እስኪ ፒንሳውን አምጪልኝ፣ የድስቱ ጆሮ ላልቷል» አለችኝ።

ወደ ሥራ ክፍሉ ገብቼ መሳቢያውን ሳብኩ። ከፒንሳው ጎን የምስማር ቆርቆሮ አለ፤ ክዳኑ ክፍት ነው። ውስጡ ክኒን ነው። ዘጠኝ ነጭ፣ ዘጠኝ ሮዝ። እንደ እሱ ሥራ ሁሉ በረድፍ በረድፉ ተደርድሯል።

ስቴንቱ በገባ በስድስት ሳምንቱ ክኒኑን ያቋረጠ ሰው ምን እንደሚሆን አይቻለሁ። ጠዋት ስቆ፣ ቀን ላይ በቃሬዛ መጥቶ፣ ከሰዓት የሌለ ሰው አይቻለሁ። ቆርቆሮውን ይዤ ወደ ዛፉ ሮጥኩ።

«አባዬ! ምንድን ነው ይሄ?»

«ክኒን ነዋ» አለ፣ እጁን ከግንዱ ላይ ሳያነሳ። «አንቺ ነርስ አይደለሽ እንዴ?»

«ልትሞት ነው እኮ! ዛሬ፣ አሁን፣ እዚሁ ቆመህ!»

«ቀስ በይ፣ ጎረቤት የሞትኩ መስሎት ይመጣል።»

ጮህኩ። ያልኩትን ሁሉ አላስታውስም፤ የተናገርኩት ለአባት የሚባል አልነበረም። እሱ እስክጨርስ ጠበቀኝና፣ እንደ ተማሪ አስቀምጦ ያስረዳኝ ጀመር።

«ዚንክ ውስጥ የተነከረ አዲስ ሽቦ ሲመጣ ላዩ ያሟልጫል። ጀማሪ የሆነ በመጣበት ቀን ቀለም ይቀባዋል፤ በመጀመሪያው ዝናብ ተልጦ ይወርዳል። እኔ ግን ወራት ፀሐይና ዝናብ አስመታዋለሁ። ሙልጭልጩ ሲለቅ ቀለሙ ይይዛል። አሁን ሐኪሙ ምን አለኝ? ሥጋው ሽቦውን ይሸፍነዋል አለኝ። ክኒኑስ? እንዳይጣበቅ ያደርጋል አለ። እና እንዴት ብሎ ይያዝ? በየቀኑ ቅባት እየቀባሁት፣ ሥጋ ሆይ ና ያዝ ልበለው? የመጀመሪያውን ወር ዋጥኩ፣ ለሐኪሙ ክብር። ከዚያ ሥራውን ይሥራ ብዬ ተውኩት።» ቀና ብሎ አየኝ። «ደግሞ የአንተው ሽቦ ነው ያልሽኝ አንቺ አይደለሽም?»

የሰው ልጅ እንዲህ አስቦ፣ እንዲህ ተጠንቅቆ፣ ራሱን ሊገድል ይችላል? ከሕመምተኞቼ ብዙዎቹ ክኒናቸውን የሚረሱት በቸልታ ነው። አባቴ ያቋረጠው በሙያው ነው፤ መንገዱን የከፈትኩለት ደግሞ እኔ ነኝ፣ በኮራሁባት በዚያች አባባል።

ለዶክተሩ ደወልኩ። «አሁኑኑ ይዘሽው ነይ» አለኝ። አባቴ ግን ወይ ፍንክች።

«በእግሬ እየሄድኩ፣ ምንም ሳያመኝ ሆስፒታል ምን አደርጋለሁ?»

«ክኒኑን ብቻ ዋጥልኝ። በሞቴ።»

«ለምን እንደሆነ ካልገባኝ ፒንሳ እንደማላነሳ ታውቂያለሽ።»

እናቴ ድስቷን እንደያዘች ደርሳለች። «ካልታዘልኩ አላምንም አለች ሙሽራ» አለች። «ይሄ ሰውዬ ደግሞ ካልተገነዘ አያምንም።» ቀልዷ ግን እሷንም አላሳቃትም።

ቦርሳዬን ዘረገፍኩት። ብልቃጡ ከቁልፌ ሥር ወጣ።

«እሺ» አልኩት። «ይኸውልህ። ልብህ ላይ ያለው ይሄን የመሰለ ነው። ራስህ እየው።»

የወንፊት ቀዳዳ የሚመረምርበትን አጉሊ መነጽር ከኪሱ አወጣ። ስቴንቱን መዳፉ ላይ አስቀምጦ ወደ ፀሐዩ ዞረ። እጁ ሽቦ የቆረጠው፣ የሻከረ፣ ትልቅ እጅ ነው፤ ስቴንቱ መሀሉ ላይ የወደቀ የዓይን ሽፋሽፍት ይመስላል። አየው። አገላበጠው። ደግሞ አየው። እኔ ሰዓቴን እቆጥራለሁ፤ እሱ ሰዓት የሚባል ነገር መኖሩን ረስቷል።

«የት ጋ ነው የተጠመዘዘው?» አለ በመጨረሻ።

«አልተጠመዘዘም።»

«ታዲያ ተበየደ?»

«አልተበየደም። ከአንድ ወጥ ቱቦ ነው። ከፀጉር ብዙ ያልወፈረ ግድግዳ ያለው ቱቦ ያመጡና በብርሃን ይቆርጡታል። የማያስፈልገው ይወድቃል፤ የቀረው ይሄ ነው።»

«በምን አልሽኝ?»

«በብርሃን።»

እጁን በአፉ ላይ ጫነ። አባቴ በሰው ሥራ ሲገረም አይቼው አላውቅም፤ የሌላ ሰው አጥር አይቶ የሚናገረው ቃል «ይሞክራል» ብቻ ነው። አሁን ግን ዛፉ ሥር ቁጭ አለ። አጉሊ መነጽሩን አቀበለኝና፣ «እዪው» አለኝ። አየሁት። ሞገድ ከሞገድ ጋር ተያይዞ፣ እያንዳንዱ መታጠፊያ ለስልሶ፣ ሲነፋ እንዲሰፋ፣ ሰፍቶም እንዳይመለስ ሆኖ ተቆርጧል። አሥራ አንድ ዓመት። ስንት ሰው ልብ ላይ ሲቀመጥ እኔ ነበርኩ የማቀብለው! አፍሬም፣ ተደንቄም ዓይኔ እንባ ሞላ።

«ምልክት የለውም» አለ አባቴ፣ የግራውን ጥግ እየፈለገ። «ይሄን የሠራ ሰው ስሙን አላስቀመጠም?»

«ስሙ እንኳ የሌላ ሰው ነው። ስቴንት የሚባል የጥርስ ሐኪም ነበር፣ ድሮ። የድድ ቅርጽ መውሰጃ ሙጫ ነገር ሠራ። ሌሎች ሐኪሞች ያንን ሙጫ ቁስል ላይ የተለጠፈ ቆዳ ደግፎ እንዲይዝላቸው ተጠቀሙበት። ቃሉ ከዚያ እየተሻገረ፣ የሚደግፍ ነገር ሁሉ ስቴንት ተባለ። ልብ ላይ እስኪደርስ ሰውየው ከሞተ ስንት ዘመኑ።»

«የጥርስ ሐኪም!» ሳቀ። «ምስኪን። ስሙ የት እንደገባ ሳያውቅ ሞተ።» ከዚያ ሳቁ ቆመ። ሥራ ሲቀበል የሚያየውን አስተያየት አየኝ። «ምን እንዳይገባ ነው? ምን እንዳይወጣ ነው?»

መልሱን ለማግኘት ማሰብ ነበረብኝ። የሚከለክለው ነገር የለም። ከውስጥም ከውጪም የሚያግደው የለም።

«ሁሉም እንዲያልፍ ነው» አልኩት። «ደግፎ መንገድ ለመክፈት ብቻ ነው የተሠራው።»

አባቴ ስቴንቱን ወደ ፀሐዩ ቀና አድርጎ በመሀሉ አሻግሮ አየ። ያን ሳይ ምን ማለት እንዳለብኝ ገባኝ፤ ግን ሊያመው ነው። በቤታችን የማይነሳ አንድ ነገር አለ።

«አባዬ፣ የወንዙ ዳር ትምህርት ቤት አጥር።»

ፊቱ ተለወጠ። ከብዙ ዓመት በፊት የትምህርት ቤቱን አጥር በውሃ መውረጃው ላይ አሻግሮ ዘርግቶት ነበር። ውሃው በመረቡ ያልፋል፣ በጊዜ ብዛት ደግሞ ሐረግ ይሸፍነዋል ብሎ ነው። ሐረጉ ሥሩ ላይ ተተከለ። በሳምንቱ ዝናብ ጣለ።

«መጀመሪያ የደረሰው ማነው? ሐረጉ ነው?»

«ፌስታሉ» አለ ቀስ ብሎ። «ፌስታል፣ ጭራሮ፣ ጨርቅ። ባዶው ሽቦ ላይ ተጠመጠመ። ሲነጋ አጥሩ ግድብ ሆኖ ነበር። ውሃው ወደ ክፍሎቹ ዞረ።»

«ደምም እንደዚያ ነው። ባዶ ሽቦ ሲያገኝ ይጠመጠምና ይረጋል። ሥጋው ሐረጉ ነው፤ ከግድግዳው በኩል በዝግታ ነው የሚመጣው። ክኒኑ እሱን አይነካውም። ክኒኑ ሐረጉ እስኪደርስ ፌስታሉን የሚያባርር ዘበኛ ነው። አንተ ዘበኛውን ነው ያሰናበትከው።»

ስቴንቱን ቀስ ብሎ ወደ ብልቃጡ መለሰው።

«ስንት ቀን ሆነው?» አለኝ።

«ዘጠኝ።»

«ውሃ አምጪ» አለ።

እናቴ ውሃውን ከየት እንዳመጣችው አላየሁም። ዋጠ፤ ከዚያም ያለምንም ክርክር ጫማውን ቀይሮ መኪና ውስጥ ገባ። ያን ቀን እስከ ማግስቱ ሞኒተር ላይ አመሸ፣ አደረ። አጠገቡ ተቀምጬ በአረንጓዴ መስመር የሚሄደውን የልቡን ምት ሳይ፣ ምንም እንዳይፈጠር ብቻ ነበር የምጸልየው። ምንም አልተፈጠረም። ምንም አለመፈጠሩ እንዴት ያለ ትልቅ ነገር እንደሆነ ያን ዕለት ነው ያወቅኩት።

ከዚያ ወዲህ ለማንም ሰው ስቴንት ምን እንደሆነ ከማስረዳቴ በፊት «ሥራዎ ምንድን ነው?» እላለሁ። ባልደረቦቼ ነገረኛ ሆነች ይሉኛል። ይበሉ።

ዓመቱ ሲሞላ፣ ያን ግማሽ የጠበበውን ሁለተኛ ሥር ለማየት አባቴ እንደገና ጠረጴዛው ላይ ተጋደመ። እኔም ጎኑ ቆምኩ። ሁለተኛው ሥር ደህና ነበር፤ ከነበረበት አልባሰም። ዶክተሩ፣ «የድሮውንም ከገባን አይቀር እንየው» ብሎ በሥሩ ውስጥ በብርሃን ፎቶ የምታነሳዋን ቀጭን መሣሪያ አሳለፈ። ስክሪኑ ላይ ጨለማ ክብ መጣ፤ ዙሪያውን ግድግዳ፤ በግድግዳው ላይ ደግሞ እንደ ከዋክብት የሚያበሩ ነጠብጣቦች።

«እነዚያ ብልጭ ብልጭ የሚሉት የስቴንቱ ሽቦዎች ናቸው፣ አባት» አለ ዶክተሩ። «ከላያቸው ላይ ያለው ቀጭን ለስላሳ ነገር ይታይዎታል? እሱ ሥጋ ነው። ሁሉም ተሸፍኗል። አንድም ባዶ አልቀረም።»

አባቴ ነጠብጣቦቹን አንድ በአንድ በዓይኑ ተከተላቸው። ዞሮ ጨረሰና እንደገና ጀመረ።

«ማነው የሸፈነው?»

ዶክተሩ ፈገግ አለ። «እርስዎ ነዎት እንጂ! እኛማ ይሄን አንችልበትም።»

«እኔ መቼ?»

«ሲተኙ። ሲበሉ። ሽቦ ሲጠልፉ።»

አባቴ በጀርባው ስለተጋደመ እንባው በጎን በኩል ወደ ጆሮው ወረደ። በፋሻ ጠረግኩለት።

ቤት ደርሰን መኪናው እንደቆመ ወደ ግቢው ጥግ፣ ወደ ዛፉ ሄደ። ተከተልኩት። ሽቦው ገብቶ የሚጠፋበትን ያበጠውን ቅርፊት በፋሻ በታሰረው እጁ ዳሰሰ፤ ከዚያ የእኔን እጅ ይዞ እዚያው ላይ አስቀመጠው። ቅርፊቱ ፀሐይ ሲመታው ስለዋለ ይሞቃል።

«ምልክቴ እዚህ ውስጥ ናት» አለ። «ተበላች ብዬ አርባ ዓመት ተቀየምኩት። ለካ ይዟት ነው።»

እናቴ በአንድ እጇ ብርጭቆ፣ በሌላው ነጩን ክኒን ይዛ ከኋላችን ቆማለች። ሰዓቱ ደርሶ ነበር። አባቴ ተቀብሎ ዋጠ፤ መጥረቢያውንም ለጎረቤት ስጪው አላት።